«በቃ» ሳይለን የሄደው ፎልክማር

የተከበራችሁ ለቀስተኞች፤ የፎልክማር ባለቤት ሮስቪታ፣ ውዷ እህቴ፤ ክቡር አባ፤ በዚህ ዝናብ ከኮሎኝ ድረስ የመጣችሁ የሙያ ባልደረቦቼ፤ የመንደሩም ሰዎች ሁላችሁ። ፈጣሪ ያጽናን።

እዚያ ዛፍ ሥር የተጠለላችሁ፣ እስቲ ጠጋ በሉ። ፎልክማር ቢያያችሁ «ካሜራው አያያችሁም፤ ለመደበቅ ነው እንዴ የመጣችሁት?» ይላችሁ ነበር።

እኔ ኢርምጋርድ ነኝ። በስሜ የማታውቁኝ ብዙ ናችሁ። «የሸለቆው ሐኪም» በተባለው የቴሌቪዥን ድራማ ላይ ነጭ ጋዎን ለብሼ፣ የእንስሳት ሐኪሙ ረዳት ሆኜ፣ ዘላለም ስልክ የማነሳው እኔ ነኝ። ሐኪሙ ዶክተር ፋልክ ደግሞ እሱ ነበር። ይሄ ሣጥን ውስጥ ያለው።

ማን ነበር ፎልክማር ቲለ? የባቡር ትኬት ተቆጣጣሪ ልጅ ነበር። ሥራውን የጀመረው በትንሽ ከተማ ቴአትር ቤት ጦር ይዞ በመቆም ነው። አንዲት ቃል እንኳ አልሰጡትም። ከዚያ ቴሌቪዥን ወሰደው። ፊቱ የዋህ ስለሆነ ማንም አይጠረጥረውም ብለው ገዳይ አደረጉት። በእሑዱ የወንጀል ድራማ ሚስቱን መርዝ የሚያጠጣ እሱ፣ አለቃውን ከደረጃ የሚገፋ እሱ። እናቱ ለጎረቤት «ልጄ ዛሬም ሰው ይገድላል፤ እንዳያመልጣችሁ» እያሉ በኩራት ያወሩ ነበር አሉ።

ከዚያ ዶክተር ፋልክ መጣ። ከዜና በፊት፣ እራት ሳይቀርብ፣ በየቤታችሁ የሚገባው ሰው እሱ ሆነ።

አንድ ቀን ዳቦ ቤት አብረን ተሰልፈናል። አንዲት አሮጊት ውሻቸውን አቅፈው ፊቱ ቆሙ።

«ዶክተር፣ ይሄ ልጅ አልበላም ብሏል።»

«እመቤቴ፣ እኔ ተዋናይ ነኝ።»

«አውቃለሁ፣ ጅል መሰልኩዎት? እውነተኛው ሐኪም ግን እንደ እርስዎ አያየውም።»

ምን አደረገ? ተንበረከከ። ዱቄት የተበተነበት ወለል ላይ፣ ሰልፉ ሁሉ እያየው፣ የውሻውን አፍ ከፍቶ አየ፤ ሆዱን ዳሰሰ። ውሻው ዳነ? አልዳነም፣ በሳምንቱ ሞተ። ፎልክማር ግን ቀብሩ ላይ ተገኝቷል። ጥቁር ክራቫት አድርጎ።

ከዚያ ቃላት ይጠፉት ጀመር።

ማን ያውቅ ነበር? ሁላችንም እናውቅ ነበር። መብራት የሚይዘው፣ ድምፅ የሚቀዳው፣ ሜካፕ የምትቀባው። ለጣቢያው የተናገረ አለ? አንድም ሰው የለም። ይልቅ የሚናገረውን በትልልቅ ፊደል ጽፈን፣ ካሜራው በማያየው በኩል፣ ኤርና ጎን ላይ እንለጥፍለት ነበር። ኤርና የሎታር ላም ናት። ሎታር ያውና፣ ባርኔጣውን ደረቱ ላይ ይዞ የቆመው። እነዚያን ሁሉ ዓመታት ላሞቹን ያመጣልን እሱ ነው።

«ይህቺ ላም ካንተ በላይ ጽሑፉን ይዛዋለች» ይለዋል ሎታር። «ለሷ ስጧትና ገላግሉን።»

«እሷ ትወና አትችልም። ቆማ ማመንዠክ ብቻ ነው።»

«አንተስ ከዚያ ሌላ ምን ትሠራለህ?»

የጥጃዋን ሞት የሚያረዳበትን ትዕይንት የምታስታውሱ ትኖራላችሁ። መሀሉ ላይ ስንደርስ ኤርና ዞረች። ጽሑፉም አብሯት ዞረ። ፎልክማር ተከተላት፤ እያለቀሰ፣ እያነበበ። እኔ መርፌ ይዤ ከኋላው። ላሚቷ ትዞራለች፣ እሱ ይዞራል፣ እኔ እዞራለሁ። ጣቢያው እንዳለ አስተላለፈው። ተመልካቾች ምን ብለው ጻፉ? «ሐኪሙ በሐዘን መቆሚያ ሲያጣ አይተን አለቀስን።»

እኛ በሳቅ ፈረስን። እሱ ግን መኪናው ውስጥ ገብቶ ተቀመጠ። ሄጄ አጠገቡ ቁጭ አልኩ።

«ኢርሚ፣ ከዚህ ሥራ ካወጡኝ ምን እሆናለሁ?»

«ምን ትሆናለህ፣ ከሮስቪታ ጋር ድንች ትልጣለህ።»

«አትቀልጂ። እኔ የማውቀው ይሄን ብቻ ነው። ይሄ ሲሄድ አብሬው እሄዳለሁ።»

የመኪናውን ማሞቂያ ከፈትኩለት።

ያኔ ነው ዳይሬክተርነቱ ያዳነው። ከድሮም አልፎ አልፎ ያዘጋጅ ነበር፤ አሁን ጠቅልሎ ያዘው። ዶክተር ፋልክን ካናዳ ላኩት፤ በቴሌቪዥን የማይፈለግ ሰው ሁሉ የሚሄደው ካናዳ አይደል? ፎልክማር ከካሜራው ኋላ ወንበሩን ዘረጋ። ዳይሬክተር ጽሑፉ ጭኑ ላይ ነው፤ በቃልህ አጥናው የሚለው የለም። ሁለት ቃል ማወቅ ብቻ ነበረበት። ሲጀመር «እባካችሁ»፤ ሲያልቅ «በቃ»።

በሙያችን ደግሞ ሕግ አለ። «በቃ» የሚለው ዳይሬክተሩ ብቻ ነው። ብትወድቅ፣ ብትሳሳት፣ ጣሪያው ቢያፈስ፣ እሱ «በቃ» እስኪል ትጫወታለህ። ሌላ ሰው አፉን አይከፍትም።

ጣቢያው ድራማውን ሊዘጋው ወሰነ። ፎልክማር የለመነው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ የመጨረሻውን ክፍል እኔ ልጨርሰው አለ። ፈቀዱለት። ከዚያ ወዲያ የሁላችንም ጭንቀት ያ ብቻ ሆነ። ይጨርሰው። ሌላው ቢቀር ይህን አንዱን ይጨርሰው።

የመጨረሻዋ ትዕይንት ቀላል ነበረች። ክሊኒኩን ቆልፌ፣ ኤርናን ይዤ፣ «ነይ፣ ወደ ቤታችን» ብዬ ሜዳውን አቋርጣለሁ። አለቀ።

ፎልክማር «እባካችሁ» አለ። ድምፁ ጥርት ያለ ነበር።

ቆለፍኩ። «ነይ፣ ወደ ቤታችን» አልኩ። ሄድኩ። «በቃ» እስኪል ጠበቅሁ። አላለም። አጥሩ ጋ ደረስኩ። አላለም። ገመዷን ፈታሁላት፤ አንገቷን አከክሁላት፤ ከራሴ ፈጥሬ አወራኋት፤ ስለ ክረምቱ፣ ስለ ድርቆሹ። አላለም። ካሜራው ይሠራል። አንድ ሰው እንኳ አልሳለም። ቀና ብዬ አየሁት። ወንበሩ ላይ ዘና ብሎ፣ ቤቱ ሶፋ ላይ ቴሌቪዥን እንደሚያይ ሰው ፈገግ ብሎ ያየናል።

አጠገቡ የቆመው ሎታር ነበር። የተባባሉትን የነገረኝ እሱ ነው።

«ቆንጆ ነው» አለ ፎልክማር። «ማን ነው የሠራው?»

ሎታር ዕድሜውን ሙሉ ሲሰድበው የኖረ ሰው፣ ባርኔጣውን አወለቀ።

«አንድ ፎልክማር የሚባል ሰው ነው።»

«ጥሩ ሰው ነው?»

«ይነጫነጫል እንጂ ደህና ነው።»

እኔ ከላሚቷ ጋር ሜዳ ላይ ነበርኩ። ካሜራው መቅጃው ሞልቶ ራሱ ቆመ። «በቃ» ያለ ሰው የለም።

ክፍሉን ጣቢያው የላከው ሌላ ሰው ቆራርጦ ጨረሰው። የፎልክማር ስም መጨረሻ ላይ ወጥቷል፤ ግን ዜና አንባቢዋ ላዩ ላይ ትናገር ስለነበር ያነበበው ያለ አይመስለኝም።

ወደ መጨረሻው አስታወሰን ብዬ ብነግራችሁ ደስ ይለኝ ነበር። እንዲህ ባለ ቀን እንደዚያ ይባላል። አላስታወሰንም። ሮስቪታ እሱ ወደሚኖርበት የአረጋውያን መጦሪያ በየቀኑ ትሄዳለች፤ እሱ ሚስቱን «እርስዎ» ይላታል።

«ባለትዳር ነዎት፣ ወይዘሮ?»

«ነኝ።»

«ባለቤትዎ ዕድለኛ ሰው ነው። ለምን አብሮዎት አይመጣም?»

ይህን ስትነግረኝ ፊቷን ማየት አልቻልኩም።

አንድ ቀን መጦሪያው ሳሎን ውስጥ «የሸለቆው ሐኪም» ሲደገም አገኘሁት። የጥጃዋ ትዕይንት ነበር። ፎልክማር ዓይኑን አጥብቦ ሲያይ ቆየና ወደ እኔ ዞረ። «ይሄ ሰውዬ» አለኝ፣ «ላሟ ላይ እያነበበ ነው።» ትዕይንቱን ካየው ያን ሁሉ ሚሊዮን ተመልካች መካከል ያወቀበት እሱ ብቻ ነው። ሳቅሁ፤ እሱም ሳቀ። እንዳስታወሰ መስሎኝ እጁን ያዝኩ። «ይቅርታ፣ እርስዎ ማን ነዎት?» አለኝ።

ክቡር አባ፣ ስለ ትንሣኤ የተናገሩትን ሰምቻለሁ። አልከራከርዎትም። እኔ ግን የማየው ጉድጓድ ነው። ሠላሳ ዓመት ጎን ለጎን የሠራሁት ሰው ሥራውን ሳይጨርስ፣ ሥራው የእሱ መሆኑን ሳያውቅ ሄደ። የሚያጽናና ነገር ፈልጌ ነበር፤ አላገኘሁም።

ዛሬ ከቤተ ክርስቲያኑ እስከዚህ ሣጥኑን ተከትዬ ስመጣ ምን ስጠብቅ እንደነበር ታውቃላችሁ? ያን ቃል እንዲለው። ሎታርን አየሁት፤ እሱም ይጠብቃል። ካሜራ የሚይዘው ልጅም ይጠብቃል። እስካሁን እዚያ ሜዳ ላይ ነን። አንዳችንም ወደ ቤት አልገባንም።

ፎልክማር፣ አንተ አትለውም። አሁንማ ፈጽሞ አትለውም። ሮስቪታ ለለቀስተኛው በመንደሩ መጠጥ ቤት ኬክ አዝዛለች፤ ሰዉ በርዶታል፤ ከዚህ የሚያነቃንቀን ሰው ያስፈልጋል። ሕጉን አውቀዋለሁ፤ ያስተማርከኝ አንተ ነህ። ይቅር በለኝ፣ ልጥሰው ነው።

ደህና ሁን፣ ወዳጄ።

በቃ።