«አንድን ይጫኑ»

ከቦሌ ሚካኤል ወደ ወሎ ሰፈር በሚሄድ ታክሲ ውስጥ አንዲት እናት ስልካቸው ላይ ይጮሃሉ።

«ቧንቧ ፈንድቶ ውሃው ቤቴ ገባ እኮ! ... እንዴት አይመለከተንም ትላላችሁ?»

«እማማ፣ የት ነው የደወሉት?» አለች አጠገባቸው የተቀመጠች ልጅ።

«መንግሥት ጋ። መብራት ሲጠፋ የምደውልበት ነው።»

«እሱማ የመብራት ነው። የውሃ ሌላ ቁጥር አለው።»

«መንግሥት አንድ አይደል እንዴ? ለጓደኛው ይንገረው!»

ልጅቷ እየሳቀች የውሃውን ቁጥር ደውላ ስልኩን ሰጠቻቸው።

«ለአማርኛ አንድን ይጫኑ ትለኛለች።»

«ይጫኑታ።»

«በምን ልጫን? አህያ የለኝ!»

ታክሲው በሳቅ ፈረሰ።

«ቁጥሯን በጣትዎ ይንኳት፣ እማማ!»

ነኩ። ጠበቁ። ሰው ሲያነሳ ሰፈራቸውንና የበራቸውን ቀለም ተናገሩ።

«ምን አሉዎት?»

«እንመጣለን አሉ። ይኸው ደግሞ ማሽኗ ምን ያህል ረክተዋል፣ ከአንድ እስከ አምስት ይጫኑ ትላለች።»

«ገና ሳይመጡ? ታዲያ ስንት ሊሰጧቸው ነው?»

«አምስት ነዋ! ቢቀሩብኝስ?»

ከሁሉም በላይ ስስቅ የነበርኩት እኔ፣ ሊወርዱ ሲነሱ ቀሚሳቸው እስከ ጉልበታቸው መራሱን አይቼ አፌን ያዝኩ።