ጃንጥላ አጣፊው

ከአዘዞ ወደ ደባርቅ በሚሄደው አውቶቡስ ውስጥ፣ ከኋላዬ የተቀመጡ ሽማግሌ አጠገባቸው ያለውን የአየር ወለድ ወታደር ይጠይቁታል።

«አንተም ከሰማይ ትዘላለህ?»

«አልፎ አልፎ ነው፣ አያ። ዋናው ሥራዬ የዘላዮቹን ጃንጥላ ማጠፍ ነው።»

«ምነው? እኛ በአርበኝነቱ ጊዜ ጠመንጃችንን ራሳችን ነበር የምንወለውለው።»

«የእኛ ክፍል እንዲህ ነው የተደራጀው፤ ጥቂቶቻችን እናጥፋለን፣ ሌላው ይዘላል።»

«ባይከፈትሳ?»

«አለቃው ካጠፍኳቸው አንዱን ድንገት ያነሳና ‹በዚህ አንተው ዝለል› ይለኛል። ታዲያ እንዴት በግዴለሽነት አጥፋለሁ?»

«ሸጋ ሕግ ነው። የእኔም ልጅ እናንተው ዘንድ ነው።»

«እውነት? ስሙን ይንገሩኝ፣ የእሱን ተጠንቅቄ አጥፍለታለሁ።»

«አልነግርህም። ሁሉንም የእሱ ነው እያልክ እጠፍ።»

እኔም እዚያው ክፍል ያለውን የወንድሜን ስም ልነግረው ዞሬ ነበር፤ መልሼ ፊቴን ወደ መንገዱ አዞርኩ።