የዘርጋው ኮምፒውተር ለምን ጋለ

አዳማ፣ ከሰዓት በኋላ፤ የፎቶ ቤት ባለቤቱ ዘርጋው ትናንት ትቶት የሄደውን ኮምፒውተር ሊያሠራ መጥቶ፣ ከአራት ዓመት በፊት ባባረራት በተናኘ የጥገና ሱቅ ውስጥ ጠረጴዛው አጠገብ ቆሟል።

ዘርጋው፦ ባለ ሦስት ፋኑን ማቀዝቀዣ ነው ያልኩሽ። ያንን መብራት ያለውን።

ተናኘ፦ የኮምፒውተርህ ኬዝ ውስጥ አይገባም አልኩህ።

ዘርጋው፦ ገፋ ገፋ ካደረግሽው ይገባል።

ተናኘ፦ የሚኒባስ ተሳፋሪ ነው እንዴ ገፋ ገፋ የሚደረገው? ራዲያተሩ አርባ ሴንቲ ሊሞላ ምንም አይቀረው። የኬዝህ ጣሪያ ሠላሳ ነው። ባለ ሁለቱ ይበቃሃል።

ዘርጋው፦ ያለነው አዳማ ነው እኮ፣ ሙቀቱን ታውቂው የለ። ቅዳሜ ሰርግ አለብኝ። ጠዋት የቀረጽነውን እዚያው አቀናብሬ፣ ራት ላይ በትልቅ ስክሪን ላሳይ ነው የተዋዋልኩት። መሀል ላይ ድርግም ካለብኝ አለቀልኝ።

ተናኘ፦ የማን ሰርግ ነው?

ዘርጋው፦ የሰው ነዋ።

ተናኘ፦ የጋሽ በዳኔ ታናሿ ልጅ ናት አሉ።

ዘርጋው፦ ከሰማሽ ታዲያ ምን ትጠይቂኛለሽ?

ተናኘ፦ ካንተ አፍ ልስማው ብዬ ነው። የትልቋን የሰርግ ቪዲዮ አጥፍተህባቸው የታናሿን ሰጡህ ማለት ነው።

ዘርጋው፦ እኔ አይደለሁም ያጠፋሁት። ተይው አሁን። ይልቅ ይሄ ዕቃ ውስጡ ያለው የእውነት ውሃ ነው?

ተናኘ፦ ፈሳሽ ነው። ይሄ ፓምፕ ፕሮሰሰሩ ላይ ይቀመጥና ሙቀቱን ይቀበላል፣ በነዚህ ቱቦዎች ወደ ራዲያተሩ ይልከዋል፣ እዚያ በፋኖቹ ቀዝቅዞ ይመለሳል። መኪናህ ውስጥ ያለው ዓይነት ነው።

ዘርጋው፦ ቢያፈስስ?

ተናኘ፦ ካፈሰሰማ ተናኘ ደፋችበት ትላለህ። ልምዱ አለህ።

ዘርጋው፦ ጀመረሽ። አራት ዓመት ያለፈውን ነገር።

ተናኘ፦ ያለፈው ላንተ ነው።

ዘርጋው፦ ስሚ፣ ሦስት ሱቅ ዞሬ ሦስቱም ወዳንቺ ነው የላኩኝ። በእግሬ መጥቼ እየለመንኩሽ ነው። ምን ላድርግልሽ? ድሮ እኮ ጋሼ ትይኝ ነበር።

ተናኘ፦ ድሮ የማከብርህ ሰው ነበርክ። በል፣ ካቻቪቴውን ያዝ።

ዘርጋው፦ እኔ?

ተናኘ፦ አሮጌውን ማቀዝቀዣ የገጠምከው አንተ አይደለህ? አንተው ፍታው።

ዘርጋው፦ አዎ፣ እኔ ነኝ የገጠምኩት። ለዚህች ለዚህች ባለሙያ ምን ያደርጋል ብዬ ቪዲዮ አይቼ ሠራሁት። ይኸው ስንት ዓመት አገለገለ።

ተናኘ፦ ጎኑን ከፍተህ የሳሎን ቬንትሌተር ገትረህበት። አገለገለ ይባላል? ማሽኑ እንደ ምጣድ እየጋለ ነው፣ ሰው ይየው ብዬ ስንቴ ለመንኩህ?

ዘርጋው፦ አላስታውስም።

ተናኘ፦ እኔ አስታውሳለሁ። አራቱንም ብሎን በየተራ ላላ ላላ አድርግ። አንዱን ብቻ ጨርሰህ አትፍታ፣ ይንጋደድብሃል።

ዘርጋው፦ ይኸው ወለቁ። ግን አልነቀል አለ።

ተናኘ፦ ቀስ ብለህ ግራ ቀኝ ጠምዝዘው። አትጎትት። እንደሱ።

ዘርጋው፦ ወጣ።

ተናኘ፦ ገልብጠው።

ዘርጋው፦ ምንድን ነው ይሄ? መዳቡ ላይ የተለጠፈው?

ተናኘ፦ ጽሑፍ አለው። አንብበው።

ዘርጋው፦ እንግሊዝኛ ነው።

ተናኘ፦ የፎቶ ቤትህን ስም በእንግሊዝኛ ጽፈህ የለ? አንብበው።

ዘርጋው፦ ከመግጠምዎ በፊት ይላጡ ነው የሚለው።

ተናኘ፦ ፕላስቲክ ነው። መዳቡ እንዳይጫር ከፋብሪካ ይለጠፋል፣ ገጣሚው ይልጠዋል። አንተ አልላጥከውም። ሙቀቱ በምን ይውጣ? ሕፃን በጋቢ ጠቅልለህ ትኩሳት ያዘው እያልክ ነበር ስትጮህ የኖርከው።

ዘርጋው፦ ቪዲዮው ላይ ይሄን አላሳዩም።

ተናኘ፦ የትልቋ ልጅ ሰርግ ወደ ማሽኑ እየተገለበጠ ሳለ ለምን ድርግም እንዳለ፣ ዲስኩም ለምን እንደተበላሸ አሁን ገባህ?

ዘርጋው፦ ተናኘ፣ ወላሂ አላወቅኩም ነበር።

ተናኘ፦ ፕላስቲኩን አላወቅክ ይሆናል። ውሃ እንዳልደፋሁ ግን ታውቅ ነበር። ጠረጴዛው ላይ አንዲት ጠብታ አልነበረችም፣ አጎንብሰህ በእጅህ ዳብሰህ አይተሃል። አይተህ ስታበቃ ነው ውሃ ደፍታበት ነው ያልከው።

ዘርጋው፦ ሰውየው ፍርድ ቤት ሊወስዱኝ ነበር እኮ። የሰው ልጅ የሰርግ ቪዲዮ ጠፋ ብዬ ባዶ እጄን ልቅረብ? በሽማግሌ እንዲያልቅ ብዬ ነው።

ተናኘ፦ አለቀልሃ። ሦስት ሽማግሌ አስቀድመህ፣ ጫንቃዬ ላይ ድንጋይ አሸክመህ ግቢያቸው አስገባኸኝ። የምለውን ሁሉ አስጠንተኸኝ ነበር፤ በእኔ ጥፋት ነው፣ ውሃ ደፍቼ ነው፣ ስለ እግዚአብሔር ይማሩኝ። እማዬ በሩ ላይ ቆማ እያየችኝ።

ዘርጋው፦ ማሩሽ እኮ። እንደውም አልቅሰው ነው ያነሱሽ።

ተናኘ፦ ላልሠራሁት ነው የተማርኩት። አንድ ነገር ብቻ ብለኸኝ ነው እሺ ያልኩት፤ ሥራሽን አታጪም አልከኝ። በሳምንቱ አባረርከኝ። ከዚያ አዳማ ውስጥ የትኛው ፎቶ ቤት በር ከፈተልኝ? ውሃ ደፊዋ መጣች ይሉ ነበር፣ እየሰማሁ። ጠልቼሃለሁ ዘርጋው። እንጀራዬን ስበላ እንኳ ጠልቼሃለሁ። ይሄን ሥራ የተማርኩት ማሽኑ ለምን እንደጠፋ ለማወቅ ብዬ ነው፣ ከዚያ ነው እንጀራ የሆነኝ።

ዘርጋው፦ እሺ። በድዬሻለሁ። አሁን ምን ይሁን?

ተናኘ፦ ለጋሽ በዳኔ ደውለህ ንገራቸው። ልጅቷ አላጠፋችም፣ እኔ ነኝ በል። እነዚህን ቃላት ብቻ።

ዘርጋው፦ ሰርጋቸው ቅዳሜ ነው። ዛሬ ብነግራቸው ሥራውን ይነጥቁኛል።

ተናኘ፦ ሊነጥቁህ ይችላሉ።

ዘርጋው፦ እጥፍ ልክፈልሽ።

ተናኘ፦ የመግጠሚያው ዋጋ ግድግዳው ላይ ተጽፏል። እሱኑ ትከፍላለህ።

ዘርጋው፦ ካልነገርኩ አልገጥምም ልትይኝ ነው?

ተናኘ፦ ብትነግርም ባትነግርም እገጥምልሃለሁ። እንዳንተ ሥራ አላበላሽም። ና፣ ይሄን እይ፤ የአዲሱም መዳብ ላይ ፕላስቲክ አለ። እንዲህ ነው የሚላጠው። አየኸው?

ዘርጋው፦ አየሁት።

ተናኘ፦ የድሮውን ፔስት፣ ሙቀት አስተላላፊውን ቅባት፣ በስፒሪት ጠርገን፣ አዲሱን ሽንብራ የምታክል ጠብ እናደርጋለን። ፓምፑን ከላይ፣ ብሎኖቹን በሰያፍ። ራዲያተሩ ጣሪያው ላይ፣ ፋኖቹ ሙቀቱን ወደ ላይ እንዲተፉ። ስልክህ ይጮሃል።

ዘርጋው፦ እሳቸው ናቸው። ጋሽ በዳኔ።

ተናኘ፦ አንሳዋ።

ዘርጋው፦ ድምፅ እንዳታሰሚ፣ በእናትሽ።

ተናኘ፦ ትንፍሽ አልልም። ያልኩህን ግን አስብ። እየደወሉልህ ነው፣ ከዚህ የተሻለ ጊዜ አታገኝም።

ዘርጋው፦ አቤት ጋሼ። ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን። አዎ፣ ማሽኑን እያሠራሁት ነው፣ እየጨረሱልኝ ነው። ምን ሆኖ ነው? ኧረ ምንም፣ አቧራ ነው ጋሼ። አቧራ ገብቶበት ነው። የያኔውስ? የያኔውማ ያው የሚያውቁት ነው፣ ልጅቷ ውሃ ደፍታበት። አዎ። እርግጠኛ ነኝ ጋሼ፣ በዓይኔ ያየሁትን። እሺ፣ ቅዳሜ በጠዋት እደርሳለሁ። እግዜር ያክብርልኝ።

ተናኘ፦ ጨረስክ?

ዘርጋው፦ ምን ላድርግ፣ ድንገት ያዙኝ። ጥያቄውን ሁለቴ ሦስቴ ደጋገሙብኝ፣ አፌ ራሱ መለሰ። ከሰርጉ በኋላ እነግራቸዋለሁ፣ እምልልሻለሁ።

ተናኘ፦ አትማል። የመጨረሻውን ብሎን ላጥብቀው። ይኸው በራ። አርባ አንድ ዲግሪ።

ዘርጋው፦ አርባ አንድ? ትናንት እኮ ዘጠና ስምንት ነበር። እጅሽ ይባረክ። ድምፁም የለም። እ... ይሄን አሮጌ ዕቃ ከነፕላስቲኩ ልውሰደው አይደል? የኔ ነው።

ተናኘ፦ ውሰደው።

ዘርጋው፦ ቅር አላለሽም?

ተናኘ፦ ምንም። ኪስህ ውስጥ ክተተው።

ዘርጋው፦ እውነቴን ነው፣ እንዲህ በቀላሉ ትለቂኛለሽ ብዬ አላሰብኩም። በጠበንጃ ትጠብቂኛለሽ ብዬ ነበር የመጣሁት። ልብሽ ሰፊ ነው። በይ ክፍያሽን ያዢ፣ ልሂድ።

ተናኘ፦ ሂድ። ዛሬ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ይሄን ማሽን ከፍቼ፣ ፕላስቲኩን በስልኬ ቪዲዮ ቀርጬ፣ መልሼ ገጥሜዋለሁ። ቪዲዮውን ለጋሽ በዳኔ ልኬላቸው ነበር። አይተውት ሲያበቁ፣ ደውዬ እጠይቀዋለሁ፣ ራሱ ከነገረኝ እምረዋለሁ ነው ያሉኝ።