ጊዜ የምታዘገየው ሰዓት

ከዲላ ወደ ይርጋ ጨፌ በላንድሮቨር ተጨናንቀን ስንሄድ አንድ ጎልማሳ የእጅ ሰዓቱን ቁልፍ ደጋግሞ ይጫን ነበር። ፊት ለፊቱ የተቀመጠው ነጋዴ ጠየቀው።

«ምን ትነካካለህ፣ ወንድም?»

«ጊዜ ማዘግያ ናት፣ ጋሼ። አንድ ኩባንያ ዲላ ገበያ ለሯጮች ሲሸጥ ገዛኋት። ስትጫናት ካንተ በቀር ሁሉም ይዘገያል ብለውኝ ነበር።»

«ቀደምክባት?»

«በጠቅላይ ግዛቱ ሩጫ ጭራ ወጣሁ።»

«ታዲያ ዛሬ ከማን ጋር ልትሮጥ ነው?»

«ሚስቴ ይርጋ ጨፌ አጠገብ፣ ኮንጋ ታማ ተኝታለች። የዛሬን ሌሊት አታልፍም ብለው ላኩብኝ። ሞቷ ቢዘገይልኝ ብዬ ነው።»

«ብትሠራማ ይሄ መኪናም ይዘገይ ነበር።»

ጎልማሳው ጣቱን ከቁልፉ ላይ አነሳ።

«እንደማትሠራ አውቃለሁ» አለና መልሶ ተጫናት።

እኔም የሾፌሩን ማጅራት እያየሁ በልቤ ንዳው፣ ንዳው አልኩ።