ቄስ ወርቅአገኘሁ ከመቅደስ የቀሩበት ምክንያት

የተከበራችሁ አባቶች ካህናት፣ ዘመዶቻችንና ጎረቤቶቻችን፤ ዛሬ ከማነብላችሁ ውስጥ አንዱን ነገር እስካሁን ለማንም ተናግሬው አላውቅም፤ ለወለደችኝ እናቴም፣ ለንስሐ አባቴም። እኔ የሟቹ የወንድማቸው ልጅ ማኅሌት ነኝ። ሰው ፊት ቆሜ መናገር እንደማልችል የምታውቁኝ ታውቃላችሁና፣ ከወረቀቱ ቀና ሳልል ባነብ ንቀት አይምሰላችሁ። ባለፈው ሐሙስ የላስታን ተራራ በአውሮፕላን መስኮት ቁልቁል እያዩ «ይህን ሁሉ ዳገት በእግሬ የወጣሁት ለካ ሞኝ ሆኜ ኖሯል» ብለው ያሳቁኝ ሰው ዛሬ ተገንዘው ከፊቴ ተኝተዋል፤ ዓይኔ ያየውን ልቤ ገና አላመነውም።

ቄስ ወርቅአገኘሁ ከአባታቸው ከአቶ ከፋለ እንዳለውና ከእናታቸው ከወይዘሮ ብርቅዬ አዳም በ1949 ዓ.ም. በዚህችው በሙጃ አካባቢ ተወለዱ። ፊደልና ዳዊት ከአጥቢያው የኔታ ከተማሩ በኋላ፣ አኩፋዳቸውን አንግተው ወደ ላሊበላ ተሻግረው፣ በነአኩቶ ለአብ ከነበሩ መምህር ሥር ቅዳሴ ተምረው ዲቁና ተቀበሉ። ወደ አገራቸውም ተመልሰው ወይዘሮ ይማርሽን በሥርዓተ ተክሊል አግብተው፣ በ1972 ዓ.ም. ቅስና ተቀብለው፣ ገብሳቸውን እያረሱ ይህን የቅዱስ ሚካኤልን ደብር ከሠላሳ ዓመት በላይ አገለገሉ። ከእናንተ ውስጥ በእሳቸው እጅ ያልቆረበ፣ ልጁን በእሳቸው እጅ ክርስትና ያላስነሣ ጥቂት ነው።

አባቴ ሲሞት እኔ ገና ጥርሴን አልነቀልኩም ነበርና ያሳደጉኝ እሳቸው ናቸው። አዲሱ መንግሥት ከገባ ጥቂት ዓመት ቆይቶ በአካባቢያችን ትምህርት ቤት ተከፈተ፤ በዚያው ሰሞን ደግሞ ሽማግሌዎች ለአንድ ልጅ ሊጠይቁኝ ቤታችን መጡ። አጎቴ በክብር አስቀምጠው፣ ጠላ አስቀድተው፣ «ልጅቷ ትማር፤ ወንድ እንደሆን ከዚያም በኋላ አያልቅም» ብለው እየሳቁ ሸኟቸው። ዛሬ አዲስ አበባ መምህርት ሆኜ የምኖረው በዚያች ቃል ነው።

በ2003 ዓ.ም. እግራቸው እያበጠ፣ ትንፋሻቸው እያጠረ ሲያስቸግራቸው ወደ እኔ ወስጃቸው፣ ሁለቱም ኩላሊቶቻቸው ሥራ ማቆማቸው ታወቀ። ከዚያ ወዲህ በሳምንት ሁለት ጊዜ በመሣሪያ ደማቸው ሲታጠብ ኖሯል። መርፌው ሲገባ ፊታቸውን አያጠቁሩም ነበር። ለአስታማሚዎቹ «ሰው ላሊበላን ሊሳለም አገር ያቋርጣል፤ የኔ ደም ደግሞ ከክንዴ ወጥቶ ይህን ሣጥን ተሳልሞ ይመለሳል» ይሏቸው ነበር። በየዓመቱ ኅዳር ሚካኤል ሲደርስ ግን በእጥበቱ ማግሥት ተነሥተው ይመጣሉ፤ ቀድሰው በቶሎ ይመለሳሉ።

እንግዲህ የደበቅሁት ከዚህ ይጀምራል። በ2005 ዓ.ም. የኅዳር ሚካኤል ዕለት፣ ቅዱስ ሥጋውን የያዘውን ጻሕል በመንበሩ ፊት አንሥተው ሳለ ዓይናቸው ጨለመ፤ ጉልበታቸውም ከዳቸው። ጻሕሉን ከመንበሩ ጋር አስጠግተው አጥብቀው በመያዛቸው አንዳች ነገር አልወደቀም። አጠገባቸው የነበሩት ቄስ ኪዳን እንኳ ጸሎት ላይ ያሉ መስሏቸው አለፉት። አዲስ አበባ ስንመለስ የልብ ሐኪም ዘንድ ወሰድኳቸው። ሐኪሙ ኩላሊት ሲደክም ፖታስየም የሚባል ነገር በደም ውስጥ እንደሚጠራቀም፣ በተለይ ከአንዱ እጥበት እስከሚቀጥለው ያለው ጊዜ ሲረዝም የልብን ምት እንደሚያዘገየው አስረዳን። የእሳቸው ልብ ግን ከታጠቡ በኋላም ቢሆን ቀርፋፋ ነበረች፤ አልፎ አልፎም ለጥቂት ጊዜ ጭራሽ ትቆማለች። ባቄላ፣ ምስር፣ ድንችና ሙዝ እንዲተዉ ሲነገራቸው «የጾም ምግብ ሁሉ ተከለከልኩ፤ እንግዲህ የቀረኝ ጾሙ ብቻ ነው» ብለው ሐኪሙን አሳቁት።

ታክሲ ውስጥ ስንገባ ግን ሳቁ ከፊታቸው ጠፋ። «ማኅሌት፣ በማላምነው ልብ ከመንበሩ ፊት አልቆምም። ምክንያቱን ግን ካንቺ ሌላ ሰው አይስማው። በዚያች ቀን ከእጄ የቆረበ ሁሉ ‹ወድቆ ይሆን?› እያለ ዕድሜውን ሲጨነቅ ይኖራል» አሉኝ።

«ለእትዬ ይማርሽስ?» አልኳቸው።

«ለሷም አይነገር፤ እሷም ቆርባለች» ብለው አስማሉኝ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ሁላችሁም ታውቃላችሁ። ለበዓል ሲመጡ ልብሰ ተክህኖ ሳይለብሱ፣ ነጠላቸውን አጣፍተው እንደማንኛውም ምእመን ከሕዝቡ መካከል ቆመው ሲያስቀድሱ አያችኋቸው። ሕመም ብቻ ነው ብሎ ያመነ ጥቂት ሰው ነበር፤ እየተራመዱ፣ እየሳቁ፣ ውዳሴውንም እያዜሙ ስለምን አይቀድሱም? እናም ቅስናቸው ፈርሷል ተባለ፤ አዲስ አበባ ሴት አለቻቸው ተባለ። አንድ ቀን ከእትዬ ይማርሽ ጋር ሙጃ ገበያ ወርደን ሳለ፣ ስሟን የማልጠራት አንዲት ሴት «ይማርሽ፣ ቄስሽን ማን አፈረሰብሽ?» ብላ ሰው እየሰማ ጠየቀቻቸው። እትዬ ዘወር ሳይሉ «የፈረሰ ካለ ባለቤቱ ይሠራዋል፤ አንቺ ገብስሽን ስፈሪ» አሏት። የሰማው ሁሉ ሳቀ። ወደ ቤት ስንመለስ ግን ዳገቱን ብቻቸውን ቀድመውኝ ወጡ። እኔ ሁሉን እያወቅሁ፣ ነጠላዬን አፌ ላይ አድርጌ፣ ከኋላቸው ተከተልኳቸው። እትዬ፣ ይህን ፊት ለፊት ልነግርዎ ስንት ጊዜ ተነሣሁ፤ መሐላው አሰረኝ። ሐሜቱ በአደባባይ ነበርና እውነቱም በአደባባይ ይሁን ብዬ ነው ዛሬ የማነበው።

በዚህ ዓመት መስከረም ላይ ሐኪሞቹ ከውጭ በሚመጡ ባለሙያዎች እጅ ልባቸውን የምታነቃ ትንሽ መሣሪያ በደረታቸው እንደምትቀበርላቸው፣ ተራቸውም ታኅሣሥ ላይ እንደሆነ ነገሯቸው። እንደዚያ ቀን ደስ ብሏቸው አይቻቸው አላውቅም። «ለልቤ ዘበኛ ሊቀጠርላት ነው፤ ከዚያ እቀድሳለሁ። አስቀድሜ ግን ለይማርሽ ራሴ እነግራታለሁ» አሉ። የመጣነውም ለዚህ ነበር።

ዓርብ የበዓሉ ዕለት ቤቱ በእንግዳ ሞላ። ቅዳሜ ልንመለስ ተነሥተን ሳለ «አንድ ቀን እንቆይ፤ ዛሬ እነግራታለሁ» አሉኝ። «አባ፣ እጥበቱስ?» ብላቸው «ሁለት ዓመት የጠበቀች ሴት አለች፣ ሣጥኑ አንድ ቀን ይጠብቅ» አሉኝ። ያን ቀንም ዘመድ ሲገባ ሲወጣ መሸ። ትናንት ከቅዳሴ መልስ ሁለቱን ብቻቸውን ትቼ ወጣሁ። ስመለስ ስለ ገብሱ አጨዳ ሲያወሩ ደረስኩ፤ አጎቴ እንደ ተማሪ አፍረው አዩኝ። ከቀትር በኋላ እግሬ ከዳኝ አሉ። እጃቸውን ይዤ የደም ሥራቸውን ዳሰስኩት፤ አንዱ ምት ከመጣ በኋላ የሚቀጥለውን ጠብቄ ጠብቄ፣ የቀረ መስሎኝ ደነገጥኩ። ልጃቸው ምንይችል መኪና ሊያመጣ ወደ ሙጃ ሮጠ። ከብቶቹ ወደ በረት ሲገቡ መደቡ ላይ ግድግዳ ተደግፈው ተቀምጠው ሳለ፣ እትዬን ጠርተው «ይማርሽ፣ አንድ ነገር...» አሉ። አልጨረሱትም። መኪናው የደረሰው ለቅሶው ከተነሣ በኋላ ነበር።

ቄስ ወርቅአገኘሁ በኅዳር 14 ቀን 2007 ዓ.ም. በተወለዱ በሃምሳ ስምንት ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም ሲለዩ፣ ውድ ባለቤታቸውን ወይዘሮ ይማርሽን፣ ልጃቸውን ምንይችልን፣ ኮን ከተማ ተድራ የምትኖረውን ልጃቸውን ሔለንን፣ አራት የልጅ ልጆችንና እንደ ልጅ ያሳደጉኝን እኔን ትተዋል። ቅዱስ ሥጋውን እንዳይጥሉ ስማቸውን ለጣሉት አገልጋዩ፣ ጌታ ስማቸውን አንሥቶላቸው፣ ነፍሳቸውን ከደጋጎቹ ካህናት ጋር ያቁምልን፤ ለቤተሰባቸውም ይህን ድንገተኛ ኀዘን የሚችል ጉልበት ይስጥልን።

ዛሬ በማለዳ ገናዦቹ እንደ ማንኛውም ምእመን ሊገንዟቸው ሲሰናዱ፣ እኔ ወደ ጓዳ ገብቼ ሁለት ዓመት የተዘጋውን ሣጥን ከፍቼ፣ ልብሰ ተክህኗቸውንና የእጅ መስቀላቸውን አውጥቼ ካህናቱ ወደ ተቀመጡበት ይዤ ገባሁ። መሪጌታ ደባሱ «ልጄ፣ በማን ፈቃድ?» አሉኝ። «ሲነበብ ይሰማሉ፣ አባቴ» አልኳቸውና ካባውን በላያቸው ላይ ዘረጋሁት፤ ስቸኩል ግን ተጣመመብኝ። እትዬ ይማርሽ ከጥግ ሆነው ሲያዩኝ ቆዩ። ተነሥተው መጡና፣ በሁለት እጃቸው የካባውን ጫፍ ይዘው አቃኑት።