የአርብ ቀማሽ

ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ነው፤ የአስር አዛን ገና አልተሰማም። ጅግጅጋ ያር ሰፈር ውስጥ ሦስት ተከራዮች በሚጋሩት ግቢ ዓለምነሽ ሊጥ ትዳምጣለች። ድሬዳዋ ያደገችው ጎረቤቷ ሻሚስ ሻሂዋን ይዛ ዱካ ላይ ተቀምጣለች። ሦስተኛዋ ተከራይ ቧንቧው ሥር ጎንበስ ብላ ትሪ ታጥባለች። ትሪው ከጸዳ ቆይቷል፤ አጣቢዋ ግን የምትለምነው ነገር ስላላት እጇን ከውሃው አላወጣችም። ዓለምነሽ ልመናው ምን እንደሆነ ታውቃለች። ልጅቷ እንድትጠይቅ ግን አልፈለገችም፤ ስለዚህ ወደ ሻሚስ ዞራ ወሬ ጀመረች።

«ትናንት ዝናብ ይመጣል ብለን ልብስ አስገባን፣ አቧራ ብቻ ሆኖ ቀረ አይደል? ልጆችሽስ ደህና ናቸው? ሻሂው ስኳር በቃው?»

ሊጡን ገልብጣ ዱቄት ነሰነሰችበት።

«እኔ እኮ ሻሚስ፣ ሰው ሙያ ሲያገኝ ደስ ይለኛል። ይህ ሳምቡሳ ለሻሂ ሰዓት እስኪሆን እኔ ስንት ወር ለፍቻለሁ። ሥጋውና ተምሩ አልስማማ ብለውኝ፣ ቃሪያ ስጨምር ስቀንስ፣ ትኩስ እንዳለ ማር ቀብቼ ሰሊጥ ስነሰንስበት… አንቺ ታውቂያለሽ። አንዳንድ ሰው ግን ተሰጥኦ አለው። አጠገብሽ ሽንኩርት እየላጠ፣ ‹እህት ዓለም› እያለሽ፣ በአንድ ዓመት ልቅም አድርጎ ይይዘዋል። ከዚያ ሻይ ቤት ሆዶ ዘንድ ይሄድና ‹የእናቴ ሙያ ነው› ይላል። ይሁና። ተምር በእናቱ አገር፣ ደጋ ላይ፣ ይበቅል ይሆናል፣ እኔ ምን አውቄ?»

የሆነው ባለፈው ወር ነው። የሻይ ቤቷ ባለቤት ሆዶ የአርቡን ትእዛዝ ከዓለምነሽ አንስተው ለዚችው ትሪ አጣቢ ሰጡት። ዓለምነሽ ያን ዕለት አላለቀሰችም። ያለቀሰችው በማግስቱ ልጅቷ ‹መዳመጫሽን አውሺኝ› ስትላት ነው። ግን አዋሰች።

«ባለፈው አርብ የሆዶን ልጅ ያጩት ሰዎች መጥተው ነበር አሉ። ሳምቡሳውን ሲያዩት ማሻአላህ አሉ፤ ማየቱስ ያምር የለ? ቀመሱና… ውሃ ጠየቁ። ትንሽ ቆይተው ደግሞ ውሃ ጠየቁ። ጨው ሁለት ጊዜ ገብቶበታል ይላል ክፉ ሰው። እኔ ግን አላምንም። እንዲህ ያለች ባለሙያ ምን ስትሆን? ከ31 ሜይ ሰፈር ድረስ በእግራቸው መጥተው ጠምቷቸው ይሆናል።»

ሻሚስ ሳቋን በሻሂው ውስጥ ደበቀች። ቧንቧው እየፈሰሰ ነው።

«መቼም አርብ ጾም ነው። ሥጋ አልቀመሰችም ብዬ አላማትም፣ እኔም አልቀምስም። ጾሟን የጠበቀች ልጅ ናት፣ እሱን አልክድም። ብቻ… እኔ አርብ አርብ ‹ሻሚስ፣ ነይ ምላስሽን አውሺኝ› ብዬ እጠራሽ የለ? አንድ ማንኪያ ትቀምሺያለሽ፣ ‹በቃው› ወይ ‹ትንሽ ጨምሪ› ብለሽኝ ወደ ቤትሽ ትሄጃለሽ። ያለዚያማ የእኔም ከዚያ የተሻለ አይሆንም ነበር። ዓመት ሙሉ ከጎኔ ቆሞ ይህን ያላየ ሰው ምን ሲያይ ከረመ?»

መዳመጫውን አስቀመጠችው።

«አይ፣ ሐሰት አልናገር፤ አይታለች እንኳ። አንድ አርብ አንቺ እንደወጣሽ ‹ይቺ ሴትዮ በየሳምንቱ እየመጣች በነጻ የምትበላው ምንሽ ሆና ነው?› አለችኝ። ለእኔ አዝና ነው እንጂ ሌላ ምን ይሆናል? ሥጋ ተወዷል።»

ቧንቧው ተዘጋ። ሻሚስ ብርጭቆዋን መሬት ላይ አስቀመጠች፤ ወደ ቧንቧው ዞር ብላ እንኳ አላየችም። ነገ እነዚያው እንግዶች ተመልሰው ይመጣሉ፣ ሆዶም ‹ከተደገመ ሌላ ሰው እፈልጋለሁ› ብለዋል። ትሪ አጣቢዋ ከሰዓቱን ሙሉ ልትለምን የቆመችው የሻሚስን ምላስ ነበር። ዓለምነሽ ያን ነገር ለማውጣት አላሰበችም፤ አፏ ቀደማት። ከወጣ በኋላ ግን አልቆጫትም።

«አንቺ ደግሞ ፊትሽን አታጥቁሪ። ልጅነት ነው፣ ያልፋል። እኔ ለእሷ ክፉ አልመኝም፤ አንድ ክፍል ውስጥ አብረን አድረናል፣ ከአንድ ትሪ በልተናል። ደግሞ እንዲህ እንደጀመረችው የራሷን ሻይ ቤት መክፈቷ አይቀርም። ያን ጊዜ ብቻዋን እንዳትደክም እግዜር አንዲት እህት ይስጣት። ከአገር ቤት ባዶ እጇን የመጣች፣ እሷው ከጉርሻዋ ከፍላ የምታጎርሳት፣ መኝታዋን የምታካፍላት… ሙያዋንም አንድ ሳታስቀር የምትማርላት፣ ልክ እሷን የመሰለች እህት። አሜን በይ እንጂ ሻሚስ፤ ያንቺ ዱዓ ይሰማል።»