መምህርት ሉዌላና የአባባ ኢሻም ጉድጓድ

መምህርት ሉዌላ በአትላንታ የጥቁሮች ሰፈር ጠዋት ታስተምራለች፤ ከሰዓት በኋላ ከትምህርት የቀሩትን ልጆች ቤት ለቤት እየዞረች ትጠይቃለች። አንድ ቀን የልብስ አጣቢዋን የኮርዲን ሁለት ልጆች ተስቦ ጥሏቸው አይታ ስትመለስ፣ ሽማግሌው ኢሻም ቶሊቨር ከጉድጓዳቸው ዳር ጠሯትና ቀዝቃዛ ውሃ በጣሳ ዘረጉላት። ጉሮሮዋ በሙቀቱ ደርቋል፤ ቢሆንም አልተቀበለችም።

«ምነው ልጄ፣ የኔ ጣሳ ቆሸሸብሽ?»

«ጣሳው አይደለም አባባ፤ ውሃው ነው። የኮርዲ ልጆች የሚጠጡት ከዚህ ነው።»

ሽማግሌው ፊታቸው ተለዋወጠ። ጉድጓዱን አባታቸው ከባርነት ነጻ በወጡ በዓመቱ በገዛ እጃቸው ቆፍረውታል፤ ሰፈሩ ሁሉ ከዚያ ይቀዳል። ዕድሜ ልካቸውን ጠጥተው አንድ ቀን ሆዳቸውን እንዳልቆረጣቸው፣ ፊደል የቆጠረ ሁሉ ግን የአባቶቹን ሥራ መናቅ እንደሚቀናው ነገሯት። እሷም በትሕትና አስረዳች፦ ያኔ ሰፈሩ ባዶ ሜዳ ነበር፤ ዛሬ ከጉድጓዱ በላይ ዳገቱ ላይ ስድስት ሽንት ቤት አለ፤ ፍሳሹም ወደ ውሃው ይሰርጋል። የከተማው የውሃ ቧንቧ የነጮቹ መንገድ ላይ ደርሶ ቆሟል፤ ሰፈሩ በአንድ ድምፅ ካልጠየቀ አይመጣም፤ ማመልከቻው ላይ እሳቸው ካልፈረሙ ደግሞ ማንም አይፈርም።

«ፈርሜ የአባቴን ጉድጓድ ልድፈን? መበከሉን አሳዪኝና እንነጋገራለን።»

«አሳይዎታለሁ» አለች።

ሰፈርተኛው ውሃ አፍልቶ እንዲጠጣ ለመነች፤ ከዚያም የአንዱን ሽንት ቤት ባለቤት አስፈቅዳ፣ አባባ ኢሻም እያዩ፣ አንድ ጣሳ ላምባ ደፋችበት፤ ፍሳሹ ጉድጓዱ የሚገባ ከሆነ ውሃው ላምባ መሽተቱ አይቀርም። ባይሸትስ? ሁለተኛ ማን ይሰማኛል? እያለች እንቅልፍ አጣች።

በአራተኛው ቀን፣ ዝናብ ከጣለ በኋላ፣ አባባ ኢሻም ባልዲ ተሸክመው ትምህርት ቤት መጡ። ክፍሉ በሙሉ ላምባ ላምባ ሸተተ።

«ለኮርዲ ልጆች ከታመሙ ወዲህ ውሃ የምልክላቸው እኔ ነበርኩ» አሉ ባልዲውን እያስቀመጡ። «አባቴ የቆፈረው ልጆች ይኑሩበት ብሎ ነው። ወረቀትሽን አምጪ።»

ፈረሙ፤ ከዚያም በር ለበር ዞረው ሰፈሩን አስፈረሙ። የከተማው ሹማምንት ሁለት ጊዜ መለሷቸው፤ ሦስተኛውን ጊዜ መቶ ሰው ተከትሏቸው ሄደ። በጸደይ ቧንቧው ተከፈተ፤ አጣቢዎቹ ሴቶች እጃቸው አረፋ እንደሆነ እየሮጡ ወጡ፤ ያለቀሰም የጨፈረም ነበር። የኮርዲ ልጆች ድነዋል፤ በዚያ በጋ በሰፈሩ አንድም ሰው በተስቦ አልተኛም፤ እናቶች ውሃ ለመቅዳት ያጠፉት የነበረውን ሰዓት ማታ ማታ ፊደል ተማሩበት። የአባትን ሥራ ማክበር ማለት አባት የተመኘውን መፈጸም መሆኑን ሰፈሩ በዓይኑ አየ።

መምህርት ሉዌላ ትንሽ ልትተነፍስ ስታስብ፣ አባባ ኢሻም ባርኔጣቸውን ደፍተው ደጇ ላይ ቆመዋል።

«ምን ተቀምጠሻል ልጄ? ከባቡር ሐዲዱ ማዶ ያሉት እስካሁን ከጉድጓድ ነው የሚጠጡት። ተነሺ እንጂ!»